አባወራ በመኪና አደጋ ሲሞት የቤተሰቡ ካሳ ከምን ተነስቶ ይሰላል?

የጠያቂው ደብዳቤ ባጭሩ ይህን ይላል። የ36 ዓመት ወንድሙ ፍየል ነጋዴ ነበር። ሰኞ ዕለት ከባቲ ገበያ ሲመለስ ደጋን አካባቢ ከአስፋልቱ ጠርዝ ወጥቶ አይሱዙ ሲጠብቅ፣ ፍሬን እምቢ ያለው ባለ ተሳቢ ሲኖትራክ ገጭቶት እዚያው ሞተ። አራት ፍየሎቹም አብረው አለቁ። ሚስቱን፣ የ11፣ የ8 እና የ3 ዓመት ልጆቹን፣ የ67 ዓመት እናቱን ትቶ ሄዷል። ባለመኪናው የአዲስ አበባ ነዋሪ ነው፤ ሽማግሌ ልኮ 180,000 ብር ልስጥና ይፈረምልኝ ብሏል። ጥያቄዎቹ፦ በሕግ ስንት ይገባናል? ንግድ ፈቃድ ስላልነበረው ገቢውን በምን እናሳያለን? እኔ ወንድሙስ መጠየቅ እችላለሁ? እናታችን ደግሞ «የልጄን ደም በብር አልለውጥም» ብላለች፤ ምን እናድርግ?

አላህ ይዘንለት፤ ለእናታችሁም ሶብሩን ይስጣት። ወዳጄ፣ ነገሩ የሚቸኩለው ፊርማው ላይ ስለሆነ ከእሱ ልጀምር።

ሽማግሌዎቹን አይመልሷቸው። በወሎ ሰው ሞቶ አበጋሮቹ (ባላንጣ የሚያስታርቁት የአካባቢው አባቶች) እና ሽማግሌዎቹ ሳይገቡ፣ ዱዓ ሳይደረግ፣ ደም ሳይደርቅ የሚቀር ነገር የለም፤ ባይቀርም ጥሩ ነው። ሾፌሩም የሰው ልጅ ነው፣ ነገ በዚያው መንገድ ያልፋል፣ የእናንተም ልጆች በዚያው መንገድ ያልፋሉ። እርቁና ካሳው ግን ሁለት ጉዳይ ናቸው፤ ችግር የሚመጣው ሁለቱ በአንድ ወረቀት ላይ ሲሰፍሩ ነው። ባለመኪናው ይዞት የሚመጣው ወረቀት አብዛኛውን ጊዜ መጨረሻው ላይ «ሙሉ ካሳዬን ተቀብያለሁ፣ ከእንግዲህ በፍትሐ ብሔርም ሆነ በወንጀል ምንም ጥያቄ የለኝም» የሚል መስመር አለው። በፍትሐ ብሔር ሕጉ አንቀጽ 3312 መሠረት የግልግል ስምምነት በተዋዋዮቹ መካከል ይግባኝ እንደሌለው ፍርድ ይቆጠራል። ሚስቱ ያንን መስመር ከፈረመች በኋላ የሚመጣው ጠበቃ መጀመሪያ የሚታገለው ከባለመኪናው ጋር ሳይሆን ከእሷው ፊርማ ጋር ነው። አሁን ገንዘብ ካስፈለጋችሁ ተቀበሉ፤ ወረቀቱ ላይ ግን «ለቀብርና ለለቅሶ ወጪ የተሰጠ ድጋፍ፣ በፍርድ ቤት ከሚወሰነው ካሳ ላይ የሚታሰብ» ተብሎ ይጻፍ። በቅን ልቦና የመጣ ባለመኪና ይህን ለመጻፍ አይከብደውም። የልጆቹን ድርሻ የሚነካ ስምምነት ደግሞ በሽማግሌ ፊት ብቻ አይለቅ፤ ፍርድ ቤት ቀርቦ ይጽደቅ። የወንጀሉ ክስ በእናንተ ፊርማ አይዘጋም። በቸልተኝነት ሰው መግደል በ1996ቱ የወንጀል ሕግ አንቀጽ 543 ዐቃቤ ሕግ በራሱ የሚከሰው ጉዳይ ነው፤ እርቁ ለሾፌሩ ቅጣት ማቅለያ ሊሆንለት ይችላል እንጂ ክሱን አያስቀርም።

አሁን ወደ ስሌቱ። ብዙ ቤተሰብ ፍርድ ቤት ሲገባ «የአንድ ሰው ነፍስ ስንት ነው?» የሚል ጥያቄ ይዞ ይገባል፤ ዳኛው ግን ያንን ጥያቄ አይመልስም፣ ሊመልስም አይችልም። የፍትሐ ብሔር ሕጉ ከውል ውጭ ኃላፊነትን በሚመለከተው ክፍሉ፣ በአንቀጽ 2095 የሚለው ይህን ነው፦ በአደጋ ሰው ሲሞት የትዳር ጓደኛው፣ ወላጆቹና ተወላጆቹ በሞቱ ምክንያት ለደረሰባቸው የገንዘብ ጉዳት በራሳቸው ስም ካሳ ሊጠይቁ ይችላሉ፤ ካሳውም በቀለብ መልክ ይታሰባል። ስለዚህ የሚለካው ከወንድምዎ እጅ ወደ እያንዳንዱ ሰው ትሪ ይደርስ የነበረው ነው። ማን ከሱ ይበላ ነበር? በወር ምን ያህል? እስከ መቼ? እነዚህን ሦስቱን የሚያሳይ ማስረጃ ይዞ የገባ ቤተሰብ ብዙ ያገኛል፤ ለቅሶውን ብቻ ይዞ የገባ ትንሽ ይዞ ይመለሳል። ይህ ፍትሐዊ ነው አልልም፣ አሠራሩ ግን ይህ ነው።

«በራሳቸው ስም» የምትለዋን ቃል አጥብቃችሁ ያዙ። ይህ ገንዘብ ውርስ አይደለም። ሟቹ ኖሮ ትቶት የሄደ ንብረት ስላልሆነ በሸሪዓ ድርሻ ስምንተኛ፣ ስድስተኛ እየተባለ አይከፋፈልም፣ አበዳሪዎቹም ሊይዙት አይገባም። ፍየሎቹና የተሰበሰበው ዱቤ ውርስ ናቸው፤ እነሱን በወራሽነት ማስረጃ ተካፈሉ። ካሳው ግን ለየሰው በየስሙ ይፈረዳል። ደሴም ኮምቦልቻም ይህን የሚያደባልቁ ቤተሰቦች ስለሚበዙ፣ ለሚስት የተፈረደው ገንዘብ ቤት ውስጥ ሌላ ጠብ ሆኖ ሲያርፍ ይታያል።

እርስዎን በተመለከተ፣ ወንድምና እህት በአንቀጽ 2095 ዝርዝር ውስጥ የሉም። ወንድምዎ ያስተምሮት ወይም ይደጉሞት የነበረ ቢሆን እንኳ በራስዎ ስም የቀለብ ካሳ አይጠይቁም። ሁለት ነገር ግን ይቀርልዎታል። ለቀብርና ሬሳ ለማጓጓዝ ከኪስዎ ያወጡት ወጪ ደረሰኝ ወይም ምስክር ካለው ይጠየቃል። ሁለተኛው የበለጠ ይጠቅማል፦ የፍትሐ ብሔር ሥነ ሥርዓት ሕጉ አንቀጽ 58 ወንድም በውክልና እንዲከራከር ይፈቅዳል። ሚስቱ ሰነዶች ማረጋገጫ ሄዳ ውክልና ከሰጠችዎ ሦስት ልጅ አዝላ በየቀጠሮው ደሴ አትመላለስም። ልጆቹን በሕግ የምትወክለው እናታቸው ስለሆነች ክሱ ላይ እሷ «በራሴና እንደ ሞግዚት» ብላ ትገባለች።

ገቢውን ማሳየት ከሁሉ ይከብዳል፣ ዋጋውም ያለው እዚያ ላይ ነው። ንግድ ፈቃድ አለመኖሩ ክሱን አይገድለውም፤ ፈቃድ ያልነበረው ሰው ቤተሰቡን አላበላም የሚል ሕግ የለም። ተከላካዩ ጠበቃ ግን «ሥራ ፈት ነበር» ከማለት አይመለስም፣ ስለዚህ ከአሁኑ ሰብስቡ።

መጀመሪያ የእቁቡን መዝገብ ፈልጉ። በየሳምንቱ 1,500 ብር እቁብ ይጥል የነበረ ሰው ሥራ ፈት ሊባል አይችልም፤ የእቁቡ ጸሐፊ ደብተሩን ይዞ ቀርቦ «ይህ ስሙ ነው፣ ይህን ያህል ሳምንት ሳያቋርጥ ጥሏል» ሲል ከአሥር ጎረቤት ምስክር ይበልጣል። የሟቹን ስልክ አትሽጡት፣ ሲም ካርዱንም አታዘጉ። የቴሌብርና የባንክ መልእክቶቹ ውስጥ ማን ስንት እንደላከለት፣ በየትኛው ቀን እንደሆነ አለ፤ ሰኞና ማክሰኞ ብር ሲወጣና ሲገባ ከታየ የባቲን ገበያ ቀን የሚያውቅ ዳኛ ወዲያው ይገባዋል። የሂሳብ መግለጫውን ከባንኩ ወራሾቹ በፍርድ ቤት ትእዛዝ ያገኙታል። ከዚያ ሰዎቹ ይመጣሉ፦ ባቲ ላይ ያገበያየው ደላላ፣ ኮምቦልቻ ላይ ፍየሉን የሚረከበው ሥጋ ቤት፣ የሚጭንለት ባለአይሱዙ። ምስክሩ «ጎበዝ ነጋዴ ነበር» ቢል አይረባም። «በሳምንት ከስምንት እስከ አሥር ፍየል ያመጣልኝ ነበር፣ በአንዱ ይህን ያህል ያተርፍ ነበር» የሚል ሰው ፈልጉ። የገበያ መግቢያና የመንገድ ቀረጥ ቁራጭ ደረሰኝ ኮት ኪሱ ውስጥ ካለ እሱም አይጣል።

አንድ ማስጠንቀቂያ አለ። ግብር በግምት ይከፍል ከነበረና የተገመተለት ዓመታዊ ገቢ ትንሽ ከሆነ ተከላካዩ ያንን ከገቢዎች ጽሕፈት ቤት አስመጥቶ ያቀርበዋል። ያኔ የእናንተ አኃዝና የግብሩ አኃዝ ይጋጫሉ። ገቢውን ስትገልጹ ልታስረዱት ከምትችሉት አትለፉ፤ ዳኛ አንድ የተጋነነ ቁጥር ካገኘ የቀረውንም ይጠራጠራል። ምንም ማስረጃ ባይገኝ እንኳ አንቀጽ 2102 ጉዳቱን በትክክል መለካት ሲያቅት ዳኛው በርትዕ፣ ማለትም ሚዛናዊ ነው ብሎ በሚገምተው መጠን፣ እንዲወስን ይፈቅዳል። በርትዕ የሚወሰነው ግን ከቀን ሠራተኛ ደመወዝ ብዙም ፈቀቅ ስለማይል እዚያ ድረስ ባትወርዱ ይሻላል።

አሁን ቁጥሩን እንየው። ለምሳሌ የተጣራ ወርሃዊ ገቢው 12,000 ብር እንደነበረ አስረዳችሁ እንበል። ከዚህ ላይ ሟቹ ለራሱ ይበላው፣ ይለብሰው፣ ይቅመው የነበረው ይቀነሳል። ይህን ያህል ይቀነስ የሚል አንቀጽ የለም፤ ቤተሰብ ላለው ሰው አንድ ሦስተኛ መቀነስ የተለመደ አካሄድ ስለሆነ እኔም በዚያው እሄዳለሁ። 4,000 ሲወጣ ለቤተሰቡ 8,000 ይቀራል፤ በዓመት 96,000። የመንግሥት ሠራተኛ በ60 ዓመቱ ጡረታ ስለሚወጣ ብዙ ጊዜ 60 ዓመት እንደ መለኪያ ይያዛል፤ ከ36 እስከ 60 ድረስ 24 ዓመት ነው። 96,000 በ24 ሲባዛ 2,304,000 ብር ይመጣል። ክስ ላይ የሚጻፈው ብዙውን ጊዜ ይህ ነው።

ነገር ግን ይህ አኃዝ ጥያቄ ሲነሳበት አይጸናም፣ ምክንያቱም የ11 ዓመቱ ልጅ ለ24 ዓመት ቀለብ አይቆረጥለትም። ጠንቃቃ ዳኛ በየሰው ያሰላል። 8,000ውን ለሚስት 2,600፣ ለሦስቱ ልጆች ለእያንዳንዳቸው 1,400፣ ለእናት 1,200 ብለን እንክፈለው። የሚስት በዓመት 31,200 ሲሆን በ24 ዓመት 748,800 ይሆናል። ልጆቹ እያንዳንዳቸው በዓመት 16,800 አላቸው፤ 18 እስኪሞላቸው ትልቁ 7 ዓመት ስለሚቀረው 117,600፣ መካከለኛው በ10 ዓመት 168,000፣ ትንሹ በ15 ዓመት 252,000። የእናት 14,400 በ8 ዓመት ቢታሰብ 115,200። ጠቅላላው 1,401,600 ብር ነው። ከላይኛው ስሌት ጋር ያለው ልዩነት 902,400 ነው፤ የሁለቱ ወገን ጠበቆች የሚጨቃጨቁት በዚህ መካከል ነው ማለት ነው። እኔ ብሆን ክሱን በሁለተኛው መንገድ አዘጋጅቼ፣ ትልቁ ልጅ 18 ሲሞላው የሱ ድርሻ ወደ ታናናሾቹና ወደ እናቱ ይዞር ነበር ብዬ የተወሰነ እጨምርበታለሁ። ያ ጭማሪ እውነት ነው፤ ቤት ውስጥ የሚሆነውም እንዲሁ ነው።

እንግዲህ 180,000 ብሩን ከዚህ ጋር ያስተያዩት። ሚስት ብቻዋን በስድስት ዓመት የምታጣውን እንኳ አይሞላም።

ተከላካዩ ሌላ ክርክር ያነሳል፣ ብልጥ ክርክርም ነው። «748,800 ብር ዛሬ በአንድ ጊዜ ብትወስድ ባንክ አስቀምጣ በ7 በመቶ ወለድ በዓመት 52,416 ታገኛለች፤ የምታጣው ግን 31,200 ነው። ከሞቱ አተረፈች ማለት ነው፣ ስለዚህ ይቀነስ» ይላል። በወረቀት ላይ ሂሳቡ ልክ ነው። መልሱ የጤፍ ዋጋ ነው። ባለፉት ዓመታት የዋጋ ንረቱ ከባንክ ወለድ በላይ ሲሄድ ኖሯል፤ በሐምሌ 2016 የብር ምንዛሬ ለገበያ ከተለቀቀ በኋላ የሆነውን ማንም ያውቃል። የፍየል ዋጋ ደግሞ ከንረቱ ጋር አብሮ ይወጣ ነበር፤ ሟቹ ቢኖር ኖሮ ገቢው በ12,000 ተቸንክሮ አይቀርም ነበር። ስለዚህ ገቢው እንዳያድግ ተደርጎ ከተሰላ ወለዱም መነሳት የለበትም፤ ወለዱ ከተነሳ የገቢው ዕድገትም ይነሳ። ይህን በጽሑፍ አስገቡ።

ሕጉ ቀለብ ስለሚል በየወሩ እንዲከፈል መጠየቅም ይቻላል፤ ዳኛው በየወሩ እንዲከፈል ካዘዘ ከፋዩ ዋስትና ማስያዝ አለበት። በኔ ግምት ግን አዲስ አበባ ካለ አንድ ባለመኪና በየወሩ እየተከታተሉ ለ24 ዓመት መሰብሰብ ከደሴ ወደ ኮምቦልቻ በሚወርደው በሐረጎ ቁልቁለት ላይ በተበላሸ ፍሬን እንደመንዳት ነው፣ አይመከርም። በአንድ ጊዜ ይከፈል፤ የልጆቹ ድርሻ ግን በስማቸው በዝግ ሂሳብ ይቀመጥና ለትምህርትና ለሕክምና በፍርድ ቤት ፈቃድ ይውጣ።

የሕሊና ካሳውን፣ ማለትም ለሐዘኑ የሚከፈለውን፣ አትጠብቁት። ሕጉ በአንቀጽ 2116 ከ1,000 ብር እንዳይበልጥ ገድቦታል። በ1952 ዓ.ም. ሲጻፍ ቁም ነገር ነበረ፤ ዛሬ ባቲ ላይ የግልገል ግማሽ አይገዛም። እስካሁን አለመስተካከሉ ያሳፍራል፤ ቢሆንም ጠይቁት፣ ሳይጠየቅ አይፈረድምና። አራቱ ፍየሎችና የቀብሩ ወጪ ለብቻቸው ይጻፉ።

ከፋዩ ማን ነው? ባለመኪናው «ፍሬኑ እንቢ አለ፣ እኔ ምን ላድርግ፣ ሾፌሩ ነው የነዳው» ቢል አይሰማም። በአንቀጽ 2081 የመኪና ባለቤት ተሽከርካሪው ላደረሰው ጉዳት ጥፋት ባይኖርበትም ይጠየቃል፣ የሚነዳው ያልተፈቀደለት ሰው ቢሆን እንኳ፤ ማምለጫው መኪናው በወቅቱ ተሰርቆበት እንደነበረ ማስረዳት ነው። አንቀጽ 2086 ሌላ አንድ በር ብቻ ይተዋል፣ የተጎጂው ጥፋት። እዚህ ላይ የትራፊክ ፖሊሱ ያነሳው ፕላን (የአደጋው ቦታ ንድፍ) ወሳኝ ነው። ወንድምዎ ከጠርዙ ውጭ ቆሞ ነበር ወይስ አስፋልት ላይ? የፍሬን ምልክቱ ከየት ጀምሮ የት አበቃ? በአካባቢው ሆኖ ያየ ሰው ማን ነበር? የፕላኑን ኮፒና የመኪናውን የቴክኒክ ምርመራ ውጤት ከፖሊስ ጠይቁ። ሟቹ ከፊል ጥፋተኛ ከተባለ ከላይ ያሰላነው በዚያው መጠን ይቀነሳል። ሾፌሩ በወንጀሉ ነጻ ቢወጣ አትደንግጡ፤ በአንቀጽ 2149 የወንጀል ችሎቱ ነጻ ማለቱ የካሳውን ዳኛ አያስረውም።

ኢንሹራንሱ «የኛ ገደብ ይህ ነው» ካለ እውነቱን ነው፤ የናንተ ገደብ ግን አይደለም። የሦስተኛ ወገን መድን አዋጅ ቁጥር 799/2005 ሲወጣ ለአንድ ሰው ሞት ከ5,000 እስከ 40,000 ብር ነበር ያስቀመጠው። መድን ሰጪው የሚከፍለው አደጋው በደረሰበት ቀን በሥራ ላይ በነበረው ጣሪያና በፖሊሲው ልክ ነው፤ የቀረው በሙሉ ከባለቤቱ ይጠየቃል። የመድን ሠራተኛው የሚያስፈርመው ደረሰኝ ላይም ያችን «ሙሉ ካሳ» የምትል መስመር ፈልጓት፤ ክፍያው «በመድን ሽፋኑ ልክ» መባል አለበት። በመኪናው መስታወት ላይ የተለጠፈውን የመድን ስቲከር ፎቶ ያንሱ፣ ቁጥሩ ይታይ።

መኪናው ከፖሊስ ግቢ ሳይወጣ እግድ ጠይቁ። ምርመራው ሲያልቅ ይለቀቃል፣ ከዚያ በሳምንቱ በሌላ ሰው ስም ሊዞር ይችላል። የስም ዝውውር እንዳይደረግ ለትራንስፖርት ቢሮ የሚጻፍ የፍርድ ቤት ደብዳቤ በኋላ ለሚመጣው ፍርድ ጥርስ ይሆነዋል።

አዲስ አበባ ሄዳችሁ መክሰስ አይጠበቅባችሁም። በሰው ላይ ለደረሰ ጉዳት አደጋው በደረሰበት ቦታ መክሰስ ይቻላል። እናንተ የክልል፣ ተከሳሹ የአዲስ አበባ ነዋሪ በመሆናችሁ ጉዳዩ የፌዴራል ሥልጣን ይሆናል፤ በሕገ መንግሥቱ አንቀጽ 80 መሠረት ግን የክልል ከፍተኛ ፍርድ ቤት የፌዴራሉን የመጀመሪያ ደረጃ ፍርድ ቤት ሥልጣን ደርቦ ስለሚሠራ ክሱን ለዞኑ ከፍተኛ ፍርድ ቤት ታቀርባላችሁ። ወረዳ ላይ ከፍታችሁ ሥልጣን የለኝም ተብሎ ሲመለስ ወራት ያልቃል። የፍርድ ቤቱ የዳኝነት ክፍያ በሚጠየቀው ገንዘብ ልክ ስለሚታሰብ 1.4 ሚሊዮን ለሚጠይቅ ድሃ ቤተሰብ ከባድ ነው፤ ከቀበሌ ማስረጃ ይዛችሁ በደሃ ደንብ (የዳኝነት ሳትከፍሉ) እንድትከሱ ይፈቀድ ብላችሁ አመልክቱ። ሚስትነቷን የሚያሳይ የኒካህ ወረቀት ካልተመዘገበ ምስክር ይዘጋጅ፣ የልጆቹም የልደት ማስረጃ ከወሳኝ ኩነት ይውጣ። ይርጋው፣ ማለትም የመክሰሻው የጊዜ ገደብ፣ ሁለት ዓመት ነው። ወንጀል ከሆነና የወንጀሉ ይርጋ ከረዘመ ረጅሙ ይሠራል ቢባልም፣ በዚያ ተማምኖ መቀመጥ ከክስ በፊት ሌላ ክርክር መጋበዝ ነው።

እናትዎን አያስገድዷቸው። እሳቸው ከከሳሾች ዝርዝር ቢወጡ የሚስትና የልጆቹ ክስ አይጎዳም፣ እያንዳንዱ በራሱ ስም የሚጠይቅ ስለሆነ። የሳቸው 115,200 ግን ለሌሎቹ አይጨመርም፤ ባለመኪናው ኪስ ይቀራል። ይህን ሳይደብቁ ይንገሯቸው። ምናልባት ገንዘቡን ለራሳቸው አይፈልጉ ይሆናል እንጂ ለየቲሞቹ ማዋል እንደሚችሉ ሲሰሙ ሐሳባቸው ሊለወጥ ይችላል። ባይለወጥም «ትቻለሁ» የሚል ወረቀት እንዳይፈርሙ፤ ዝም ማለት ይበቃል፣ በሁለቱ ዓመት ውስጥ ከመጡ በሩ ክፍት ነው።